ያውቁ ኖሯል? ገጽዎ በየትኛው በር ይወጣል?

ሐረር፣ አራተኛ አካባቢ ካፌ ውስጥ ላፕቶፑን ከፍቶ ኮድ የሚጽፍ ልጅ አለ እንበል። ማኪያቶው ቀዝቅዟል። “ረን” የምትለዋን አረንጓዴ ምልክት ሲጫን አንድ ብራውዘር ብቅ ይልና የሠራውን ገጽ ያሳየዋል። የትኛው ብራውዘር? እንጃ፤ አብዛኞቻችን አልመረጥነውም። ወይ ኮምፒውተሩ ሲገዛ አብሮ የመጣ ነው፣ ወይ ከሌላ ፕሮግራም ጋር ተለጥፎ የገባ። የዛሬው ዓምዳችን ስለዚህች ማንም ስላልመረጣት ምርጫ ነው። ከፕሮግራሚንግ ጋር ትውውቅ የሌለዎት አንባቢም አይሽሹ፤ ከሐረሩ የጀጎል ግንብ ብዙም አንርቅም።

ያውቁ ኖሯል? ስልክዎን ወደ አማርኛ ሲቀይሩት ብራውዘር “አሳሽ”፣ ዲፎልት ደግሞ “ነባሪ” ይባላል። ሐረር ደግሞ አሳሽ ማስተናገድ ለምዳለች። እንግሊዛዊው ሪቻርድ በርተን ከዘይላ ሲነሳ የዐረብ ነጋዴ መስሎ ነበር። ወደ ከተማዋ ሲቃረብ ግን መልኬ ቱርክ ያሰኘኛል ብሎ ሰጋና ሐሳቡን ለወጠ። እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 3 ቀን 1855 “እንግሊዛዊ ነኝ” ብሎ በግልጥ ገባ። እዚህ ላይ ጨዋ ሰው ይመስላል፤ ለሐረሩ አሚር ያቀረበው ከዔደን የመጣ የተባለ ደብዳቤ ግን ራሱ በእጁ የጻፈው ነበር። አሥር ቀን ያህል ቆይቶ በሰላም ወጣ።

ብራውዘሮችም እንደ በርተን የሐሰት ደብዳቤ ያቀርባሉ። አንድ ብራውዘር የአንድን ድረ ገጽ በር ሲያንኳኳ ማንነቱን የሚገልጽ አንድ መስመር ጽሑፍ ያቀርባል። ክሮም ይሁን ኤጅ፣ ሳፋሪ ይሁን ፋየርፎክስ፣ ያ መስመር የሚጀምረው በአንድ ቃል ነው፦ “ሞዚላ 5.0”። ነገሩ የመጣው እ.ኤ.አ. ከ1990ዎቹ ነው። “ሞዚላ” የያኔው ብራውዘር የኔትስኬፕ የቤት ስም ነበር። ገጽ አቅራቢ ኮምፒውተሮች (ሰርቨሮች) ያማሩትን ገጾች ለኔትስኬፕ ብቻ እያወጡ ለሌላው ተራውን ይሰጡ ስለነበር ኢንተርኔት ኤክስፕሎረር “እኔም ሞዚላ ነኝ” ማለት ጀመረ። ከዚያ በኋላ የመጡትም ሁሉ ተከተሉት። ክሮም ዛሬ በአንድ መስመር ሞዚላም፣ አፕል ዌብኪትም፣ ክሮምም፣ ሳፋሪም ነኝ ይላል። ስለዚህ “ገጹን የከፈተው ሰው በምን ብራውዘር ነው?” ብለው ኮድዎን በዚያ መስመር ላይ ካቆሙት፣ የበርተንን ደብዳቤ አምነው መቀበልዎ ነው።

ያውቁ ኖሯል? የሐረር ግንብ አምስቱ ጥንታዊ በሮች እያንዳንዳቸው ከአንድ በላይ ስም አላቸው። አማርኛ ተናጋሪው ሸዋ በር የሚለውን ሐረሪው አስማዲን በሪ ይለዋል። ቡዳ በር በድሪ በሪ ነው፤ ሰንጋ በር ሱቁታት በሪ፤ ፈላና በር አሱም በሪ። በየትኛውም ስም ቢጠሩት በሩ ያው በር ነው፤ ጠባቂም ቢኖረው በአንዱ ስም የገባውን በሌላው አይከለክለውም።

በኮምፒውተር ግን እንዲህ አይደለም። ኮድ ጸሐፊ ሥራውን በራሱ ማሽን ላይ ሲሞክር አድራሻው “ሎካልሆስት” ይባላል፤ በቁጥር ደግሞ 127.0.0.1። ሁለቱም “እዚሁ ቤት” ማለት ናቸው። ብራውዘሩ ግን እንደ ሁለት የተለያዩ ሰፈሮች ይቆጥራቸዋል። በሎካልሆስት ገብተው ያስቀመጡት መረጃ በ127.0.0.1 ሲመጡ የለም። “አሁን ገብቼ አልነበረም እንዴ? ለምን እንደገና ፓስወርድ ይጠይቀኛል?” እያሉ ግማሽ ቀን የሚያቃጥሉ ጀማሪዎች አሉ። እኔም አንድ ቀን ተኩል አቃጥያለሁ። ኮድ መጻፊያው በአንደኛው ስም ይከፍትልኛል፣ እኔ በእጄ ሌላኛውን እጽፋለሁ፤ ስህተቱ ኮዱ ውስጥ አልነበረም።

ያውቁ ኖሯል? ጀጎል አምስት ጥንታዊ በር ይዛ ዘመናት ስትቆይ፣ አንድ ላፕቶፕ እስከ 65,535 ቁጥር ድረስ የሚጠሩ በሮች አሉት። ፖርት ይባላሉ። የኮድ መሣሪያዎች የየራሳቸው አላቸው፦ ጃንጎ 8000ን ይወዳል፤ ጁፒተር 8888ን፤ የሪአክት ተማሪ 3000ን በልቡ ያውቀዋል፤ በቪኤስ ኮድ ላይ የሚጫነው “ላይቭ ሰርቨር” 5500 ላይ ይቆማል። የ“ቪት” 5173 ቀልድ አለበት፦ 5 በሮማውያን ቁጥር የላቲኑ “ቪ” ነው፣ 1ን እንደ “አይ”፣ 7ን እንደ “ቲ”፣ 3ን ተገልብጦ እንደ “ኢ” ካነበቡት ስሙ ይወጣል።

ያውቁ ኖሯል? ኮድ መጻፊያው የሚከፍተውን ብራውዘር ለመቀየር የኮምፒውተሩን ዲፎልት መንካት አያስፈልግም። በማይክሮሶፍት ቪዥዋል ስቱዲዮ ከአረንጓዴዋ ምልክት ጎን ያለችውን ትንሽ ቀስት ይጫኑና “ብራውዝ ዊዝ” የሚለውን ይምረጡ፤ የሚወዱትን ለይተው “ሴት አዝ ዲፎልት” ማለት ነው። እዚያው የኮንትሮል ቁልፍን ይዘው ሁለት ሦስት ብራውዘር ከመረጡ አንድ ጊዜ ሲያስነሱ ሁሉም በአንድ ላይ ይከፈታሉ። ይህችን የሚያውቅ ሰው ጥቂት ነው፤ ከሁሉም የምትጠቅመው ግን እሷ ናት። ከሌሎቹ ኮድ መጻፊያዎች ኢንተሊጄይ ሴቲንግ ውስጥ “ቱልስ” ሥር “ዌብ ብራውዘርስ” የሚል ቦታ አለው። ኤክሊፕስ በ“ፕሪፈረንስ” ውስጥ “ጄኔራል” ሥር አስቀምጦታል፤ ከውጭ ብራውዘር ሌላ በሆዱ የያዘውን የራሱን ትንሽ ብራውዘርም ያቀርባል። ኔትቢንስ ዘንድ “ኦፕሽንስ” ውስጥ “ጄኔራል” ላይ ያገኙታል። ቪኤስ ኮድ በቅርብ ዓመታት ስሪቶቹ “ኤክስተርናል ብራውዘር” የምትል ሴቲንግ ጨምሯል፤ በላይቭ ሰርቨር ደግሞ “ካስተም ብራውዘር” ብለው ይፈልጉ።

ያውቁ ኖሯል? በሊኑክስ ዓለም ጉዳዩ በአንድ ቃል ያልቃል። በትልልቅ የላቲን ፊደላት “ብራውዘር” ተብሎ የሚጻፍ የሥርዓቱ ተለዋዋጭ (“ኢንቫይሮንመንት ቫሪያብል”) አለ፤ ሐሳቡን ያቀረበው የኦፕን ሶርሱ ኤሪክ ሬይመንድ ነው። በውስጡ የብራውዘሮችን ስም በሁለት ነጥብ እየለዩ በተርታ መጻፍ ይቻላል። የመጀመሪያው ከሌለ ሁለተኛው፣ እሱም ከሌለ ሦስተኛው ይሞከራል። የፓይተን ቋንቋም ብራውዘር ክፈት ሲባል ይህንኑ ያያል። በሪአክት የቀድሞ መነሻ ጥቅል ደግሞ በዚያ ቦታ “ነን” የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል ከጻፉ ምንም ብራውዘር አይከፈትም። ማሽኑ በሜሞሪ እጥረት የሚያቃስት ሰው ይህን ይወደዋል።

ያውቁ ኖሯል? ፈረንሳዊው አርተር ራምቦ እ.ኤ.አ. በ1880 መጨረሻ ሐረር ከደረሰ በኋላ ለቤተሰቦቹ በሚጽፈው ደብዳቤ ደጋግሞ የሚጠይቀው የሙያ መማሪያ መጻሕፍት እንዲላኩለት ነበር፤ በኋላም ካሜራ አስመጥቶ በ1883 ሐረር ላይ ራሱን ፎቶ አንሥቷል። መጽሐፉ እስኪደርስ ወራት ይቆጥር ነበር። ዛሬ ቪዥዋል ስቱዲዮ ላይ አንድ ቃል መርጠው “ኤፍ 1” ሲጫኑ ማብራሪያው በብራውዘርዎ ይከፈታል። በየትኛው ብራውዘር? ያው የመጀመሪያው ጥያቄ።

ያውቁ ኖሯል? ጊትሃብ እ.ኤ.አ. ከኦገስት 13 ቀን 2021 ጀምሮ ኮድ ለመላክና ለመቀበል ተራ ፓስወርድ መቀበል አቁሟል። ከዚያ ወዲህ ብዙ መሣሪያዎች “ግባ” ሲባሉ ዲፎልቱን ብራውዘር ከፍተው በዚያ በኩል ያስገቡዎታል። በዚያ ብራውዘር የታናሽ ወንድምዎ አካውንት ተከፍቶ ከሆነ ኮድዎ በእሱ ስም ሊወጣ ነው። ቤት ውስጥ አንድ ኮምፒውተር የሚጋራ ሰው ይህን ልብ ይበል።

ያውቁ ኖሯል? ለዚህች ለተናቀች “ዲፎልት” መንግሥታትና ኩባንያዎች ተካሰውበታል። አሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1998 ማይክሮሶፍትን የከሰሰችው ኢንተርኔት ኤክስፕሎረርን ከዊንዶውስ ጋር አጣብቆ በመሸጡ ነው። የአውሮፓ ኮሚሽን ደግሞ ዊንዶውስ ለተጠቃሚዎች የብራውዘር መምረጫ ሰሌዳ እንዲያሳይ አስማምቶ ነበር፤ ሰሌዳው ከአንድ የዊንዶውስ 7 ስሪት ላይ ጠፍቶ በመገኘቱ ማይክሮሶፍትን በማርች 2013 561 ሚሊዮን ዩሮ ቀጣው። ጉግል በአይፎኑ ሳፋሪ ላይ ዲፎልት መፈለጊያ ሆኖ ለመቆየት በ2022 ብቻ ለአፕል 20 ቢሊዮን ዶላር መክፈሉ በፍርድ ቤት ወጥቷል። ሰው ሴቲንግ እንደማይቀይር ከእኛ ይልቅ እነሱ ያውቃሉ።

ዊንዶውስ 11 እ.ኤ.አ. በ2021 ሲወጣ ዲፎልት ብራውዘር ለመቀየር ፋይሉን በየዓይነቱ አንድ በአንድ ማስተካከል ይጠይቅ ነበር። ጩኸቱ ሲበዛ በ2022 አንድ ቁልፍ ጨመሩ። አይፎን ደግሞ ዲፎልት ብራውዘር መቀየር የፈቀደው በሴፕቴምበር 2020፣ ከአይኦኤስ 14 ጀምሮ ነው።

ያውቁ ኖሯል? “በሦስት ብራውዘር ሞክሬዋለሁ” የሚል ሰው በአንድ ብቻ ሞክሮት ሊሆን ይችላል። ኦፔራ እ.ኤ.አ. በ2013፣ ኤጅ በጃንዋሪ 2020 የራሳቸውን ሞተር አውጥተው የክሮምን ገጠሙ፤ ብሬቭም በእሱው ነው የሚሄደው። ቆርቆሮው ይለያያል እንጂ ሞተሩ አንድ ነው። እውነተኞቹ ሞተሮች በዋናነት ሦስት ናቸው፦ የክሮም ቤተሰብ፣ የፋየርፎክስ ጌኮ እና የአፕል ዌብኪት። እኛ አገር ደግሞ አይፎን ላይ የሚያዩት ክሮም ቆዳው ክሮም ቢሆንም ውስጡ የሳፋሪ ነው። ስለዚህ ላፕቶፕዎ ላይ ክሮም ዲፎልት ከሆነ ለሙከራ ፋየርፎክስን ይጨምሩ፤ ኤጅን ጨምረው እንዳይሸወዱ።

ያውቁ ኖሯል? ጀጎል ውስጥ ከፈረስ መጋላ ወደ ጊድር መጋላ የሚወስደው መንገድ “መኪና ግርግር” ይባላል። የመኪና መጨናነቅ ስላለበት አይደለም፤ ከግራም ከቀኝም ከተደረደሩ ልብስ ሰፊዎች የስፌት መኪና ድምፅ ነው ስሙን ያገኘው። እነዚያ ሰፊዎች የሚያደርጉት አንድ ነገር አለ፦ ሜትሩን የሚያሳርፉት ደንበኛው ትከሻ ላይ ነው። ኮድ ጸሐፊ ግን ብዙ ጊዜ በራሱ ቁመት ሰፍቶ ለሌላ ሰው ያለብሳል። ትልቅ ስክሪን፣ አዲስ ክሮም፣ ካፌ ውስጥ ዋይፋይ። ደንበኛው የጫት ነጋዴ ይሁን ቡና ላኪ፣ ገጹን የሚያየው በስልክ ነው፤ ዳታውንም በሜጋ ባይት ነው የሚቆጥረው። አንድ ጊዜ የሠራሁትን የዋጋ ሰንጠረዥ ለአንዲት ነጋዴ እናት በኩራት ባሳያቸው ስልካቸው ላይ “ከረጢቱ ቀዳዳ ነው እንዴ ልጄ? ቁጥሩ በጎን ይፈሳል” አሉኝ። እውነታቸውን ነበር።

ያውቁ ኖሯል? ብዙ አፍሪካውያን የሚያውቁት ኦፔራ ሚኒ እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 2006 ለዓለም የቀረበ ሲሆን፣ ከፍተኛ ቁጠባ በሚለው አሠራሩ ገጹን የሚያመጣው ስልኩ ራሱ አይደለም። ሩቅ አገር ያለ የኦፔራ ሰርቨር ገጹን ያነሳል፣ ጨምቆም ይልከዋል። ለዚህ ነው በዚያ አሠራር ላይ ያለ ኦፔራ ሚኒ ላፕቶፕዎ ላይ ያለውን ገጽ የማይከፍተው፤ የሩቁ ሰርቨር የእርስዎን ቤት አያውቀውም። በእሱ መሞከር የሚፈልግ ገጹን መጀመሪያ ኢንተርኔት ላይ ማውጣት አለበት።

በሌሎቹ የስልክ ብራውዘሮች ለመሞከር ግን አንድ ሜጋ ባይት ዳታ አያስፈልግም። ስልክዎን ሆትስፖት ያድርጉና ላፕቶፑን ያገናኙ። የሙከራ ሰርቨሩን 0.0.0.0 በሚለው አድራሻ ያስነሱ፤ ይህ “ከውጭ የመጣውንም አስተናግድ” ማለት ነው። ከዚያ ብዙ ጊዜ በ192.168 የሚጀምረውን የላፕቶፑን ቁጥር ከነፖርቱ በስልኩ ብራውዘር ይጻፉ። ዊንዶውስ ፈቃድ ሲጠይቅ እሺ ይበሉት። የገጹ መረጃ በሁለቱ መካከል ብቻ ስለሚመላለስ ጥቅልዎን አይነካም።

አንድ ወጥመድ ግን አለ። ብራውዘሮች ሎካልሆስትን ያምኑታል፤ ያልተመሰጠረ ቢሆንም ካሜራና የቦታ መለያ ይፈቅዱለታል። በ192.168 የሚጀምረውን ግን አያምኑትም። ስለዚህ ላፕቶፕ ላይ ሸዋ በርን በትክክል ያሳየ ካርታ ስልኩ ላይ “የት እንዳለህ አላውቅም” ሊል ይችላል። መፍትሔው የዩኤስቢ ኬብል ነው፦ የአንድሮይድ ስልክን ከክሮም ጋር አገናኝተው ፖርቱን ካስተላለፉ ስልኩ ራሱ “ሎካልሆስት” ብሎ ይከፍተዋል፤ ካርታውም ይሠራል።

ያውቁ ኖሯል? ሎካልሆስት ከኮምፒውተሩ አይወጣም። ሰኔ 23 ቀን 2012 ዓ.ም. በመላ አገሪቱ ኢንተርኔት ተቋርጦ ሳምንታት ሲቆይ ኮዳቸውንና ጥቅሎቻቸውን ቀድመው ያወረዱ ልጆች ብራውዘራቸው ላይ ሥራቸውን እየከፈቱ መቀጠል ይችሉ ነበር። ሳያወርዱ የቀሩት ናቸው እጃቸውን አጣጥፈው የተቀመጡት።

ያውቁ ኖሯል? የኢትዮጵያ ስልክ ታሪክ የሚጀምረው ከሐረር ነው። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1894 ሥራው የተጀመረው የመጀመሪያው መስመር ሐረርን ከአዲስ አበባ የሚያገናኝ ሲሆን 477 ኪሎ ሜትር ርዝመት ነበረው። ከ128 ዓመት በኋላ ሳፋሪኮም ኢትዮጵያ የሙከራ አገልግሎቱን ያበራው አዲስ አበባ ላይ አልነበረም፤ ኦገስት 29 ቀን 2022 ድሬዳዋ ላይ ነበር፤ መዲናዋ የደረሳት በኦክቶበር ነው። ምሥራቁ መቅደም ይወዳል መሰለኝ።

ያውቁ ኖሯል? የግዕዝ ፊደል በዩኒኮድ የገባው እ.ኤ.አ. በ1999፣ በስሪት 3.0 ነው። ከዚያ በፊት የአማርኛ ገጽ ለማንበብ ፎንት አውርዶ መጫን ግድ ነበር፤ ፎንቱ ከሌለ የሚታየው የላቲን ኮተት ነው። ዊንዶውስ ቪስታ “ኒያላ” የተባለውን ፎንት ይዞ መጣ። በዊንዶውስ 10 ግን ኒያላ ተጨማሪ ተደርጎ ቦታውን ኢብሪማ ወስዷል። የእርስዎ ማሽን ላይ ኒያላ ስላለ ገጹ ቢያምርዎት የሌላው ሰው ማሽን ላይም እንዲያ ይመስላል ማለት አይደለም፤ ፎንቱን ከገጹ ጋር ይላኩ።

“ሐረር” ሦስት ፊደል ናት። በኮምፒውተር ማኅደር ግን 9 ባይት ትይዛለች፤ በድረ ገጽ አድራሻ ውስጥ ወደ ኮድ ተለውጣ ስትጻፍ 27 ምልክት ትሆናለች። በሃሌታው “ሀ” ከጻፏት ደግሞ ለኮምፒውተሩ ሌላ ቃል ናት።

ያውቁ ኖሯል? ብራውዘርዎ ውስጥ ጳጉሜ አለች። የጃቫስክሪፕት የቀን መሣሪያ “ኢትዮፒክ” የሚለው አቆጣጠር ከተሰጠው የዛሬውን ቀን በእኛ ዘመን አቆጣጠር ያወጣል፤ 13ኛዋን ወርም ያውቃታል። ካልነገሩት ግን አገርዎን ኢትዮጵያ ቢሉትም በዲፎልት የሚሰጥዎ የፈረንጆቹን ነው። በቅጾች ላይ የሚታየው የቀን መምረጫ ሳጥንም ለሰርቨሩ የሚልከው ሁልጊዜ የፈረንጆቹን ቀን ነው። ከጠዋቱ አንድ ሰዓት የሚለውን አቆጣጠራችንን ግን ገና አልተማረም፤ ስድስት ሰዓት የሚቀንሰውን ኮድ እኛው እንጽፋለን።

ያውቁ ኖሯል? እ.ኤ.አ. በጁላይ 2024 የተጀመረው የ5 ሚሊዮን ኢትዮጵያውያን ኮደሮች መርሐ ግብር ከሚያስተምራቸው ትምህርቶች አንዱ የዌብ ፕሮግራሚንግ ነው። ሐረር ላይ ሆነው ለሚማሩ አንድ ጉዳይ ላቅርብ። እያንዳንዱ ገጽ መጀመሪያው ላይ በምን ቋንቋ እንደተጻፈ የሚናገር ምልክት ሊኖረው ይገባል። አማርኛ ሁለት የላቲን ፊደል ተሰጥቶታል፤ አፋን ኦሮሞም ሁለት። ከአፋን ኦሮሞ ጋር የሐረሪ ክልል የሥራ ቋንቋ የሆነው ሐረሪ ግን ባለ ሁለት ፊደል መለያ የለውም፤ የተሰጠው ባለ ሦስት ፊደሉ “ኤች–ኤ–አር” ነው። ብዙ ኮድ መጻፊያዎች አዲስ ገጽ ሲከፍቱ በዚያ ቦታ በዲፎልት የእንግሊዝኛውን ይሞላሉ፤ ብራውዘሩም የሐረሪውን ጽሑፍ እንግሊዝኛ ነው ብሎ ይይዘዋል። በሐረሪ የምትጽፉ ልጆች፣ እባካችሁ ያችን ሁለት ፊደል አጥፉና ሦስቱን ጻፉ።